ግራ ጉንጭ፣ ቀኝ ጉንጭ

ሐሙስ ጠዋት፣ ወሩ በገባ በ14
ከአውቶቡስ ማቆሚያው ጀርባ፣ ከዚያው ከምታውቂው ቤት

ይድረስ ለቲማቲሜ፤

ደህና ነሽ ወይ ብዬ አልጠይቅሽም። አንቺ ደህና ነኝ ትያለሽ፣ እኔም ደህና ነን እላለሁ፣ ሁለታችንም ዋሽተን የወረቀቱ ግማሽ ያልቃል። ይልቅ ጉንጭሽን ግራና ቀኝ አገላብጬ ስሜሻለሁ። የትንሿን ልጅሽንም እንደዚያው። ባልሽንም፣ ከፈቀደ።

ደብዳቤሽ ማክሰኞ ደረሰኝ። ያመጣልኝ አውሮፕላን ነው፣ ሹፌሩ። በሰዓት ሃያ ኪሎ ሜትር ስለሚነዳ አውሮፕላን ያላችሁት እናንተ አይደላችሁ? አሁን ፀጉሩ ሸብቷል፣ ፍጥነቱ ግን ያው ነው። እኔም ጡረታ ወጣሁ ብዬ ቁጭ አላልኩም፤ አዲሷ ትኬት ቆራጭ ባረፈደች ቁጥር ከመስኮቱ ኋላ የምገኘው እኔው ነኝ። «እትዬ፣ ከልጅዎ ነው፤ ወፍራም ነው» አለና በመስኮቱ አቀበለኝ። ሰው ሁሉ ተሰልፎ ትኬት ሲጠብቅ እኔ ደብዳቤ ከፍቼ ማንበብ ጀመርኩ። አንዱ ቀበጥ መንገደኛ «እማማ፣ ሲጨርሱ ይንገሩን» አለኝ። አፌን ሞልቼ ሰደብኩት፣ ደስ ስላለኝ ግን ቀለል አድርጌ ነው።

ትንሿን አስተማሪዋ «እናታችሁ የተወለደችበትን ቦታ ጻፉ፤ ከፍታውን፣ ነፋሱን፣ የሚበቅለውን» ብላታለች አሉ። አንቺ ደግሞ «እማዬ እባክሽ ጻፊልኝ፣ ብዙውን ረስቼዋለሁ» ትያለሽ። ረስቼዋለሁ! ጉድ እኮ ነው። መርሳት ምን እንደሆነ መጥተሽ አባትሽን ብታዪ ይህን ቃል ዳግም ባፍሽ አታነሺውም ነበር። እሱን እደርስበታለሁ። መጀመሪያ የልጅቷን የቤት ሥራ ልጨርስ፤ እኔ የጀመርኩትን ሳልጨርስ ሌላ አልጀምርም፣ ታውቂኛለሽ።

እንዲህ ብላ ትጻፍ። እናቴ የተወለደችው ከተራራ ላይ ነው፣ ተራራው ግን ጫፍ የለውም። ጫፉን አንድ ሰው በቢላ የቆረጠው ይመስል አናቱ ላይ ሜዳ ነው። ከፍታው ሦስት ሺህ ስምንት መቶ ሜትር፤ አባትሽ ሦስት ሺህ ስምንት መቶ አሥራ ሁለት ነው ይላል፣ አሥራ ሁለቷን ከተውኩበት ይቆጣል። እዚያ ላይ ውሃ ቶሎ ይፈላል፣ ድንች ግን አይበስልም። ይህን ነገር ሙሽራ ሆኜ ስመጣ ማንም አልነገረኝም። ውሃው ሲንተከተክ አይቼ በስሏል ብዬ ለባሌ ጓደኞች ያቀረብኩት ድንች ድንጋይ ነበር፤ አንዱ ጥርሱን ሊያወልቅ! እስከ ዛሬ «የሙሽራዋ ድንች» እያሉ ይስቁብኛል።

ፀሐይ ያቃጥላል፣ ጥላው ይበርዳል። አንድ ሰው ግድግዳ ተደግፎ ቢቀመጥ ፊቱ ይነዳል፣ ጀርባው ይቀዘቅዛል። ጠዋት ጠዋት ሣሩ ሁሉ ነጭ ነው፣ ሲረግጡት ይንኮሻኮሻል። ዛፍ የለም። የሚበቅለው ሁሉ መሬት ላይ ተለጥፎ ነው የሚበቅለው፣ ቀና ካለ ነፋሱ ስለማይለቀው። ውሻ እንኳን እግሩን የሚያነሳው አባትሽ የመንገድ ሠራተኞች አለቃ፣ ካፖ፣ ሳለ ሰው በጉም እንዳይጠፋ ብሎ በመንገዱ ዳር በተከላቸው የብረት ምሰሶዎች ላይ ነው። (ይህን ትንሿ አትጻፈው።)

ሜዳው ደግሞ ሜዳ ይምሰል እንጂ ሜዳ አይደለም። ወለም ዘለም ያለ ነው፤ ሰው ፊትሽ ሲሄድ ቆይቶ ድንገት ጉድጓድ የዋጠው ይመስል ይጠፋል፣ ትንሽ ቆይቶ ባርኔጣው ብቅ ይላል። አረንጓዴ ሆኖ የሚያምረውን ቦታ አትርገጪ፣ ረግረግ ነው። በአንድ በኩል ደግሞ ሜዳው ባለቀበት ያልቃል፣ ምንም ምልክት የለውም። ሣር፣ ሣር፣ ሣር፣ ከዚያ ገደል። ነፋሱ የሚመጣው ከዚያ ነው፣ ከገደሉ። ጠዋትም ማታም፣ በጋም ክረምትም ከዚያው ነው፤ አቅጣጫውን ለውጦ አያውቅም።

ዋናው ይሄ ነውና በደንብ ትስማ። እኛ ጋ ጉም ሲወርድ የገዛ እጅሽን አታዪውም። ስለዚህ ልጆች ሀሁ ከመቁጠራቸው በፊት የሚማሩት አንድ ነገር አለ፤ ትምህርት ቤት ስትሄጂ ነፋሱ ግራ ጉንጭሽን ይንካ፣ ወደ ቤት ስትመለሺ ቀኝ ጉንጭሽን። በቃ። ጉንጭሽ የሚልሽን ከሰማሽ አትጠፊም። ለዚህ ነው እዚህ አገር ሰው የልጁን ጉንጭ የማይሸፍነው። ጭንቅላት ይሸፈናል፣ ጆሮ ይሸፈናል፣ ጉንጭ ግን ይሰነጠቃል፣ ይቀላል፣ ይደማል፣ አይሸፈንም። አንቺን አባትሽ ቲማቲም ያለሽ ለዚያ ነው።

የቤት ሥራው አለቀ። ከዚህ በታች ያለውን ለትንሿ አታንብቢላት።

አባትሽ ብሷል። በስልኩ ትንሽ ትንሽ ነግሬሻለሁ፤ ግን እዚህ ስልክ የሚሠራው የማቆሚያው ግድግዳ ሥር ተለጥፈሽ ነው፣ እሱም አጠገቤ ነው የሚቆመው፣ ፊቱ ላይ እንዴት ብዬ ልናገር? ያን ቀን ስልኩን ስሰጠው ያለሽን አልረሳሁትም። አንቺ «አባዬ፣ እኔ ነኝ» ትያለሽ፣ እሱ በትህትና አዳመጠሽና «እመቤት፣ ሰማያዊ ሹራብ የለበሰች የሰባት ዓመት ልጅ መንገድ ላይ ካዩ፣ አባቷ እየፈለጋት ነው ይበሉልኝ» አለሽ። ስታለቅሺ ሰምቻለሁ። ስልኩን የዘጋሁት ካርድ አልቆብኝ አልነበረም፣ ይቅር በዪኝ።

አሁን በየቀኑ እንዲህ ነው። ጠዋት ደህና ነው። ሻዩን ይጠጣል፣ ዳቦውን ነክሮ ይበላል፣ እኔን አንዳንዴ ያውቀኛል፣ አንዳንዴ «ትኬት ቆራጯ» ይለኛል፣ ልክ ያኔ፣ ገና ቆላ ትኬት ስቆርጥ፣ ሊያየኝ ሲል በማይሄድበት አውቶቡስ ትኬት እንደሚገዛው ጊዜ። ደስ ይለኛል እንኳ፣ እንደ አዲስ ይሽኮረመማል ሰውዬው! ዘጠኝ ሰዓት ሲሆን ግን ይነሳል። ሰዓት አያይም፣ ማንም አይነግረውም። ልክ ትምህርት ቤት በሚለቀቅበት ሰዓት ዱላውንና መዶሻውን ያነሳና «ልጅቷ አልገባችም» ይላል። ይወጣል።

አንቺን ነው የሚፈልገው። የዛሬ ሃያ ዘጠኝ ዓመት የጠፋሽውን አንቺን። ሌላውን ሁሉ ጭንቅላቱ ጥርግ አድርጎ ጥሎታል፤ ሰርግሽን፣ ምርቃትሽን፣ አገር ለቀሽ ስትሄጂ አውቶቡሱን ተከትሎ የሮጠውን ሁሉ። ያችን አንድ ከሰዓት ብቻ ይዞ ቀርቷል።

አንዴ በሩን ቆለፍኩበት። ሌላ ምን ላድርግ? ምን አለኝ መሰለሽ፤ «አንቺ ሴት፣ ልጅ ውጭ እያለች በር ይቆለፋል?» በጥፍሩ እንጨቱን ሲቧጥጥ ደም ወጣው። ከፈትኩለት። ሁለተኛ አልቆልፍም፣ አልችልም።

ጤና ረዳቷ፣ ደግ ልጅ ናት አትሙትብኝ፣ «እናቴ፣ ስሙንና አድራሻውን ጽፈን ኪሱ ውስጥ እንክተትለት፣ የሚያገኘው ሰው ይመልሰዋል» አለችኝ። በትልልቁ ጻፍንለት። በነጋታው ወረቀቱን ከኪሱ አውጥቶ መነፅሩን አድርጎ አነበበውና ተጨንቆ ወደ እኔ መጣ። «አንድ ምስኪን ሽማግሌ ጠፍቷል መሰለኝ፤ ስሙ እዚህ ተጽፏል፣ ለጣቢያው እናመልክት» አይለኝም! ሳቅኩ። ስቄ ስጨርስ ግን ተቀምጬ አለቀስኩ፤ እሱም አጠገቤ ተቀምጦ «አይዞሽ፣ ይገኛል» እያለ ትከሻዬን መታ መታ ያደርጋል።

ወደ ታችኛው ከተማም ወስጄው ነበር፣ አልነገርኩሽም። ሐኪሙ «እዚያ ላይ አየሩ ስስ ነው፣ ለአእምሮው ጥሩ አይደለም፣ ወደ ታች ይውረድ» ስላለኝ ከሆስፒታሉ አጠገብ አንዲት ክፍል ተከራየሁ። እኔ እንኳ የቆላ ልጅ ነኝ፣ ሙቀቱ ጉልበቴን ደህና አደረገልኝ። እሱ ግን ጊቢው መሃል ቆሞ ፊቱን ወዲያ ወዲህ ያዞራል፣ ጉንጩን ለማን እንደሚሰጥ ጠፋው። «ነፋሱን ማን ዘጋው?» ይለኛል። ከክፍላችን እስከ ሽንት ቤቱ ስምንት እርምጃ ነው፤ ስምንቷን እርምጃ መሄድ አቃተው። ከምሰሶ እስከ ምሰሶ ሰማንያ እርምጃ በጉም ውስጥ ዓይኑን ጨፍኖ የሚሄድ ሰው! በዘጠነኛው ቀን ጠቅልለን ተመለስን። አውቶቡሱ ዳገቱን ጨርሶ ሜዳው ላይ ሲወጣ መስኮቱን ከፈተና «እፎይ፣ መጣ» አለ። ለአምስት ደቂቃ ያህል ሁሉን ነገር አውቆ ነበር፤ ስሜን ጠርቶ «ጉልበትሽ እንዴት ነው?» አለኝ። ልቤ ተነስቶ ቁጭ አለ። ቤት ስንደርስ ዘጠኝ ሰዓት ሆኖ ነበር።

ታዲያ ለምን አሁን እንደዚህ ወረቀት ሙሉ ጻፍሽ ትዪኝ ይሆናል። ባለፈው ቅዳሜ ነው ነገሩ። ሁልጊዜ እከተለው ነበር፣ ጉልበቴን እየጎተትኩ። እስከ ዐሥራ አንደኛው ምሰሶ ይሄዳል፣ ብረቱን በመዶሻ ይመታል፣ ይጠራሻል፣ ጥቂት ይቆያል፣ ከዚያ «ቀድማን ገብታ ይሆናል» እለዋለሁ፣ ይመለሳል። ቅዳሜ ጉልበቴ እንቢ አለ። ከአልጋ መውረድ አቃተኝ። እሱ ብቻውን ሄደ። አሥር ሰዓት ሆነ፣ አሥራ አንድ ሰዓት ሆነ። በመስኮት ሜዳውን አያለሁ፣ ባርኔጣ ብቅ ይላል ብዬ ብጠብቅ የለም። ስንት ጊዜ ጎረቤት እንደተጣራሁ አላውቅም፤ ነፋሱ ድምፄን ወደ ቤቴ ነው የሚመልሰው።

አውሮፕላን ነው ያገኘው፣ ሠላሳ አራተኛው ምሰሶ ጋ። ከትምህርት ቤትሽ አልፎ፣ ሰው ከማይኖርበት። «እትዬ» አለኝ ሹፌሩ፣ ዓይኔን ማየት አቅቶት፣ «'ካፖ፣ ወዴት ነው?' ስለው 'ወደ ቤቴ' አለኝ። ጀርባውን ለቤቱ ሰጥቶ ነበር። 'አውቶቡስ ላይ ውጣ' ስለው ጉንጩን ነካ ነካ አድርጎ 'አትሳሳት፣ ነፋሱ ይኸው' አለኝ። ግራውን ነበር የነካው።»

ገባሽ? ሲመለስም ግራ ጉንጩን ሰጥቶ ነበር የሚሄደው። የዚህን ሜዳ ልጅ ሁሉ ግራና ቀኝ ጉንጭ ያስተማረ ሰው። አርባ ምሰሶ በእጁ የተከለ ካፖ። ግራ ጉንጩን እንደሰጠ ቢሄድ ቢሄድ ወደ ቤቱ አይደርስም፣ ከቤቱ እየራቀ ነው። እስከ ዛሬ ያመንኩት እግሩ አይረሳም ብዬ ነበር። ያቺም አለቀች።

የጉሙ ወቅት ሊገባ ሦስት ሳምንት ቢቀረው ነው። ዘንድሮ ስድስት ምሰሶዎች ወድቀዋል፣ የሚተክልም የለም፤ መሥሪያ ቤቱ ስሄድ «ማመልከቻ ይጻፉ» አሉኝ፣ ጻፍኩ፣ «ሳምንት ይመለሱ» አሉኝ፣ ተመለስኩ፣ ሰውዬው ስብሰባ ላይ ነው። በጉም ጊዜ ከወጣ አላገኘውም ልጄ። ይኸው በግልጽ ጻፍኩልሽ። እኔ አልደርስበትም፣ አልቆልፍበትም፣ ወደ ታችም አልወስደውም። የቀረኝ ቁጭ ብዬ ሦስት ሳምንቱን መቁጠር ነው።

አሁን ደግሞ ለሃያ ዘጠኝ ዓመት ያልጻፍኩትን ልጻፍ።

ያን ቀን ጠዋት ጉንጭሽ ደምቶ ነበር። ታስታውሺ እንደሆን አላውቅም። ቫዝሊን ቀባሁሽ፣ አቃጠለሽ፣ አለቀስሽ። እኔ የቆላ ሰው ነኝ፤ የሰው ልጅ ፊት እንደ ደረቀ መሬት ሲሰነጠቅ ማየት ለስምንት ዓመት አልለመድኩትም ነበር። አባትሽ ሲሠራ አድሮ ገና አልገባም ነበር። ሹራብ የሠራሁበት ሰማያዊ ክር ተርፎኝ ሻርፕ ሠርቼልሽ ነበርና እሱን ከአገጭሽ እስከ ዓይንሽ ሥር ድረስ ጠቀለልኩት፣ ከኋላ ሁለት ጊዜ ቋጠርኩት። «እማዬ፣ ነፋሱ አይሰማኝም» አልሽኝ። «ይሻላል» አልኩሽ። እንዲህ ነው ያልኩሽ፤ ይሻላል።

ዘጠኝ ሰዓት ስትለቀቂ ጉሙ ወረደ። ዐሥራ አንደኛው ምሰሶ ከሳምንት በፊት ከባድ መኪና ገጭቶት ወድቆ ነበር፣ አባትሽ ሲሚንቶ እስኪመጣ እየጠበቀ። ዐሥራ ሁለተኛው ጋ ደርሰሽ ቀጣዩን ስታጪ ጉንጭሽን ብትጠይቂ ጉንጭሽ ታስሯል። ወደ ገደሉ ሄድሽ። አባትሽ ብረት እየቀጠቀጠ ሦስት ሰዓት ፈለገሽ። ይዞሽ ሲገባ ጀርባው ላይ ነበርሽ፣ ፊትሽ ባዶ፣ ጉንጭሽ ቀይ። ሻርፑ የለም። ነፋስ ወሰደው አልኩ በልቤ። ተመስገን አልኩ! ልጄ ስለተገኘች ብቻ አይደለም ተመስገን ያልኩት፣ እግዜር ይየኝ፣ ሻርፑ ስለጠፋም ነው። ማታ አልጋሽ ላይ ጎንበስ ብዬ «ስለ ሻርፑ ለአባትሽ አትንገሪ» አልኩሽ። ራስሽን ነቀነቅሽ። እስከ ዛሬ አንድም ቀን አላነሳሽውም።

እሱ «ምሰሶዬ ነው፣ የእኔ ጥፋት ነው» አለ። ሰውም የእሱ ጥፋት ነው አለ። የጽሑፍ ማስጠንቀቂያ ሰጡት፣ ሁለት ዓመት እድገቱን ያዙበት፣ ካፖው የገዛ ልጁን የሚያጠፋ ተባለ። እኔ ደግሞ ቆሜ ሰማሁ። ካፖርቱን እየጠገንኩ፣ ሾርባውን እያቀረብኩ፣ ዝም። ያቺ ምሰሶ ናት አሁንም ዕረፍት የነሳችው፤ ያላደረገውን ጥፋት ሊክስ ነው በየቀኑ የሚወጣው። እንዲህ ብዬ አሰብኩና ከነገርኩት ይቆማል ብዬ ተስፋ አደረግኩ።

ሰኞ ጠዋት ሻዩን እየጠጣ ነገርኩት። «አንተ፣ ስማኝ። ምሰሶው አይደለም። እኔ ነኝ። ጉንጯን አስሬ ነው የላክኋት» አልኩት።

ሻዩን አስቀመጠ። አየኝ፣ በደንብ፣ እንደ ድሮው። ምን አለኝ መሰለሽ፤ «አውቃለሁ፤ የፈታሁት እኮ እኔ ነኝ። ቋጠሮሽ ጠንካራ ነበር፣ በጥርሴ ነው የፈታሁት። ለገደሉ ሰጠሁት። ከቆላ የመጣሽ ብቸኛ ነሽ፣ ሰዉ ሁሉ ይፈርድብሻል ብዬ። እኔን ይወቅሱኝ፣ እኔ የአገሩ ልጅ ነኝ፣ እችለዋለሁ።»

ልጄ፣ እግሩ ላይ ተደፋሁ። ራሴን ዳበሰኝ። «ይሄን ሁሉ ዓመት በዚህ ስትጨነቂ ነበር? ሞኝ» አለኝ። ሳቀ ደግሞ።

ዘጠኝ ሰዓት ሲሆን ዱላውንና መዶሻውን አነሳ። «ልጅቷ አልገባችም» አለ።

ማክሰኞም ነገርኩት። «የምን ሻርፕ?» አለኝ። ትናንትም ነገርኩት፣ «አይዞሽ፣ እናገኛታለን» አለኝ። ሰኞ የሰማሁት እውነት ይሁን ወይስ በሽታው የተናገረው፣ እኔ አላውቅም። እሱም አሁን አያውቅም። የምታውቂው አንቺ ብቻ ነሽ። ያን ቀን ገደሉ አፋፍ ላይ ሻርፑን ከፊትሽ ላይ ማን ፈታው? እሱ ከሆነ፣ እሱም አትንገሪ ብሎሽ ከሆነ፣ ሁለታችንም የሰባት ዓመት ልጅ አፍ ላይ ቋጠሮ አስረን ሃያ ዘጠኝ ዓመት ኖርን ማለት ነው። ይቅር በዪን። ብቻ ጻፊልኝ፤ ነፋስ ነው ካልሽም ነፋስ ነው በዪኝ፣ አታባብዪኝ።

ነይ አልልሽም። የመኖሪያ ፈቃድ ወረቀትሽ ሳያልቅ ከወጣሽ እንደማያስገቡሽ፣ ትንሿም እዚያ እንደምትቀርብሽ አውቃለሁ። ከአንቺ የምፈልገው አንድ ነገር ነው። ትንሿ ሰባት ዓመቷ አይደል? ፎቶዋን ሳየው አንቺን ነው የማየው። ድምፅዋንም በስልክ ሰምቼዋለሁ፣ ቁርጥ ያንቺ ነው። ሦስት ቃል አስተምሪያትና ድምፅዋን ቅጂልኝ፤ «አባዬ፣ ቤት ገብቻለሁ» ትበል። ቋንቋችንን ትሰባብረዋለች ብለሽኛል፣ ትሰባብረው፤ አንቺም ያኔ የፊት ጥርስሽ ወልቆ ነበር፣ አባዬን «አባዜ» ነበር የምትዪው። ለጤና ረዳቷ ስልክ ላኪው፣ ደህና ስልክ ያላት እሷ ናት። ዘጠኝ ሰዓት ሊሆን ሲል፣ ዱላውን ሳያነሳ፣ አሰማዋለሁ። በየቀኑ አሰማዋለሁ። ይሠራል አልልሽም፤ አንዴ ከሠራ አንድ ቀን ነው፣ በነጋታው እንደገና ነው። ብቻ ጉሙ ከመውረዱ በፊት ይድረስልኝ። ስለ ሻርፑ ግን አንድም ቃል እንዳትናገር፤ እሱን እኔው ራሴ በየጠዋቱ እነግረዋለሁ።

ብዙ ጻፍኩ፣ እጄም ደከመ። ፈጣሪ ከክፉ ይጠብቅሽ፣ የምትረግጪው መሬት ሁሉ ጠንካራ ይሁንልሽ፣ ወረቀትሽን ያብጅልሽ፣ ትንሿ አድጋ ለወግ ለማዕረግ ትብቃልሽ። እዚያም ብርድ ነው ብለሽኛል፤ ልጅቷን ስታለብሻት ጉንጯን ተያት።

ልፈርም ስል እሱ ከጀርባዬ መጥቶ ቆመ። ዘጠኝ ሰዓት ሆኗል ማለት ነው። «ለማን ነው የምትጽፊው?» አለኝ። ለልጃችን አልኩት። ወረቀቱን አየው፣ እኔን አየኝ፣ ራሱን ነቀነቀ።

«ጉም ውስጥ ሆና ደብዳቤ እንዴት ታነባለች?» አለኝ። «ተነሺ ይልቅ፣ እንፈልጋት።»

ጫማዬን እያሰርኩ ነው።

እናትሽ